የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፦ ከአንድ በላይ የድምፅ ቋንቋ ያላቸውን ፊልሞች በሕጋዊ መንገድ ስለማየት

ሰሞኑን ከደረሱን ጥያቄዎች በርካቶቹ በአንድ ጉዳይ ዙሪያ የሚያጠነጥኑ በመሆናቸው የዚህን እትም ዓምድ በሙሉ ለእሱ ሰጥተነዋል። ጉዳዩ በተለያዩ ቋንቋዎች የተዘጋጁ ፊልሞችን እንዴት ማጫወት እንደሚቻልና ሕጉ እስከ ምን ድረስ እንደሚፈቅድ ነው። ደብዳቤዎቹን አሳጥረን፣ የጸሐፊዎቹንም ስም ትተን አቅርበናቸዋል።

ጥያቄ፦ በሕጋዊ መንገድ የገዛሁት ፊልም በሦስት ቋንቋ እንደሚሰማ ማሸጊያው ላይ ተጽፏል። በኮምፒውተሬ ስከፍተው ግን የምሰማው አንዱን ብቻ ነው። ሌሎቹን የሚጨምርልኝ ፕሮግራም ካለ ብትጠቁሙኝ።

መልስ፦ ቋንቋዎቹ አሁንም አብረውዎት ስላሉ የሚጨመር ነገር የለም፤ መምረጥ ብቻ ነው የሚጠበቅብዎት። የፊልሙ ቋንቋዎች የሚገኙት በራሱ በዲስኩ ወይም በፋይሉ ውስጥ ሲሆን፣ እያንዳንዱ ከምስሉ ጎን ለጎን የሚሄድ ራሱን የቻለ የድምፅ ትራክ ሆኖ ተቀምጧል። አንድ የዲቪዲ ፊልም እስከ 8 የድምፅ ትራክና እስከ 32 የግርጌ ጽሑፍ ሊይዝ ይችላል። ማጫወቻው ከእነዚህ አንዱን ብቻ ያሰማል፤ የትኛውን እንደሚፈልጉ ካልነገሩት ደግሞ የፊልሙ አዘጋጅ ቀዳሚ ብሎ ምልክት ያደረገበትን ይወስዳል። በቤት ውስጥ ማጫወቻ ከሆነ ሪሞቱ ላይ ‹ኦዲዮ› የሚለውን ቁልፍ ይጫኑ፣ ወይም በዲስኩ መክፈቻ ማውጫ ላይ ቋንቋውን ይምረጡ። በኮምፒውተር ቪኤልሲ የሚባለውን ነፃ ማጫወቻ የሚጠቀሙ ከሆነ ‹ኦዲዮ› ከሚለው ዝርዝር ስር የድምፅ ትራኮቹን ያገኟቸዋል። ፊልሙ እየሄደ ሳለ በኪቦርዱ ላይ ‹ቢ› የሚለውን የእንግሊዝኛ ፊደል በመጫንም ከአንዱ ወደ ሌላው መሸጋገር ይቻላል። ሁልጊዜ በአንድ ቋንቋ የሚያዩ ከሆነ በዚያው ማጫወቻ ሴቲንግ ውስጥ የሚመርጡትን የድምፅ ቋንቋ አንዴ ካስመዘገቡ፣ ቋንቋው ባለበት ፊልም ሁሉ እሱን ያስቀድምልዎታል።

ዝርዝሩ ሲከፈት ሁለት ትራኮች የቋንቋ ስም ተጽፎባቸው ሦስተኛው ግን ‹ትራክ 3› ከሚል በቀር ምንም የሌለው ሆኖ ቢያገኙት አይደነቁ፤ ፋይሉን ያዘጋጀው ሰው የቋንቋውን ምልክት ሳያስገባ ቀርቷል ማለት ነው። መርጠው ይስሙት። ምናልባት የሚፈልጉት ቋንቋ ይሆናል፤ ምናልባትም ዳይሬክተሩ ከፊልሙ ላይ እየተናገረ ስለ አሠራሩ የሚያስረዳበት ትራክ ሊሆን ይችላል። በዝርዝሩ ላይ አንድ ትራክ ብቻ ከታየ ግን ፋይሉ የያዘው ያንኑ አንዱን ነው፤ የትኛውም ማጫወቻ የሌለውን ቋንቋ ከየትም አያመጣውም። ስለዚህ ‹የቋንቋ ጥቅል አውርዱ› የሚሉ ገጾችን ይራቋቸው፤ ማሸጊያው ላይ የተጻፈው ቋንቋ ዲስኩ ውስጥ ከሌለም ጥያቄውን ለሻጩ ያቅርቡ።

ጥያቄ፦ ድምፁን ወደምፈልገው ቋንቋ ስቀይር ተዋናዮቹ ዝም ባሉ ቁጥር አንዲት ሴት ‹ደብዳቤውን አጣጥፋ ኪሷ ውስጥ ከተተችው› እያለች ትተርክልኛለች። ፋይሉ ተበላሽቶ ይሆን?

መልስ፦ ፋይልዎ ደህና ነው። የመረጡት ለዓይነ ስውራንና ማየት ለሚያዳግታቸው ተመልካቾች የተዘጋጀውን የምስል ገለጻ ትራክ ነው። በአንድ ቋንቋ ሁለት ትራክ ሊኖር ስለሚችል ወደ ዝርዝሩ ተመልሰው ‹ገለጻ› የሚል ተቀጥላ የሌለውን ይምረጡ። ትረካው በየፊልሙ ራሱን እያስነሳ የሚያስቸግር ከሆነ ደግሞ በቴሌቪዥኑ ወይም በስልኩ የተደራሽነት ሴቲንግ ውስጥ በርቶ ይሆናልና ከዚያ ያጥፉት። ከማጥፋትዎ በፊት ግን አንድ ትዕይንት ዓይንዎን ጨፍነው ቢሰሙት አይከፋም፤ በሁለት ንግግሮች መካከል ባለችው ጠባብ ክፍተት፣ የተዋናዮቹን ቃል ሳይሸፍኑ፣ የሚታየውን ሁሉ በአጭሩ መናገር ከባድ ሙያ ነው።

ጥያቄ፦ ፊልሙን በፍላሽ ቴሌቪዥኔ ላይ ስሰካው በመጀመሪያው ቋንቋ ደህና ይሰማል፤ ሁለተኛውን ስመርጥ ምስሉ ይቀጥላል፣ ድምፁ ግን ጭጭ ይላል። በኮምፒውተር ሁለቱም ይሠራሉ።

መልስ፦ ሁለቱ ትራኮች የተጨመቁበት ስልት የተለያየ ነው። ኤምኬቪና ኤምፒ ፎር የምንላቸው የፋይል ዓይነቶች ምስሉንና ድምፆቹን አንድ ላይ የሚይዙ መያዣዎች ብቻ ናቸው፤ በውስጣቸው ያለው ድምፅ ግን በዶልቢ ዲጂታል፣ በዲቲኤስ ወይም በኤኤሲ ተጨምቆ ሊሆን ይችላል። ለዲቲኤስ የቴሌቪዥኑ አምራች ፈቃድ መግዛት ስላለበት ብዙ ቴሌቪዥኖች አይፈቱትም፤ ውጤቱም እርስዎ እንዳሉት ጸጥ ያለ ምስል ነው። በኮምፒውተር የሠራልዎት ቪኤልሲና መሰሎቹ መፍቻውን ይዘው ስለሚመጡ ነው። ቀላሉ መንገድ ኮምፒውተሩን በኤችዲኤምአይ ገመድ ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኝቶ ከዚያው ማጫወት ነው። ይህ የማይመች ከሆነና ፋይሉን የመገልበጥ መብት ካለዎት፣ ምስሉን ሳይነኩ ያንን አንድ ትራክ ብቻ ወደ ኤኤሲ መለወጥ ይቻላል።

ሌላ አንባቢ ደግሞ በአንዱ ቋንቋ ንግግሩ በደንብ ሲሰማ በሌላው ሙዚቃው ንግግሩን እንደሚውጠው ጽፈውልናል። ይህ የሚሆነው አንደኛው ትራክ ለሁለት ድምፅ ማጉያ፣ ሌላው ግን ለስድስት፣ ማለትም 5.1 ተብሎ ለሚጠራው አቀማመጥ ሲዘጋጅ ነው። በ5.1 ንግግሩ በአብዛኛው የሚወጣው ከመሐለኛው ማጉያ ነው፤ መሐለኛ በሌለው ቴሌቪዥን ሁሉም ነገር ወደ ግራና ቀኝ ሲደባለቅ ንግግሩ ይደበዝዛል። ‹ስቴሪዮ› ወይም 2.0 የሚል ትራክ በዚያው ቋንቋ ካለ እሱን ይምረጡ፤ ከሌለም በቴሌቪዥኑ የድምፅ ሴቲንግ ውስጥ የንግግር ማጉያውን ወይም የሌሊት ድምፅ የሚባለውን ያብሩ።

ጥያቄ፦ እኔም በሌላ አገር የምትኖረው እህቴም ለአንድ የስትሪሚንግ አገልግሎት እየከፈልን አንዱን ፊልም እሷ በቋንቋችን ታየዋለች፣ ለእኔ ግን ያ ቋንቋ አይመጣልኝም። እኩል እየከፈልን ይህ እንዴት ይሆናል?

መልስ፦ ቅሬታዎ ተገቢ ነው፤ መልሱ ግን ከአገልግሎቱ ስስት ይልቅ መብቶቹ ከሚሸጡበት መንገድ ጋር የተያያዘ ነው። የፊልም መብት በአገርና በጊዜ ተከፋፍሎ ይሸጣል። ከዚህም በላይ በሌላ ቋንቋ የተቀዳው ድምፅ ብዙ ጊዜ የሚሠራው በዋናው ስቱዲዮ ሳይሆን ፊልሙን በአንድ አካባቢ ለማከፋፈል በገዛው ድርጅት ነው። ድርጅቱ ከስቱዲዮው ንግግር የሌለበትን የሙዚቃና የድምፅ ውጤት ትራክ ይረከብና ትርጉሙን በራሱ ተዋናዮች ያስቀዳል። ስለዚህ ፊልሙን ያገኘ አገልግሎት ሁሉ ያንን ድምፅ አብሮ ያገኛል ማለት አይደለም። በአሮጌ ዲስክ ላይ የለመዱት የተዋናይ ድምፅ በስትሪሚንግ ሲመጣ ሌላ ሰው ሆኖ የሚገኘውም በዚሁ ምክንያት ነው፤ የቀድሞውን መግዛት ካልተቻለ ወይም ካላዋጣ እንደገና ይቀዳል።

ቋንቋው የለም ብለው ከመደምደምዎ በፊት ግን አንድ ነገር ይፈትሹ። በኔትፍሊክስ በፊልሙ ላይ የሚታየው የቋንቋ ዝርዝር ያሉበትን አገርና የፕሮፋይልዎን ቋንቋ መሠረት አድርጎ ሊያጥር ይችላል፤ በአካውንትዎ ገብተው የፕሮፋይሉን ቋንቋ ወደሚፈልጉት ቢለውጡት ተደብቆ የነበረ ትራክ ብቅ ሊል ይችላል። ከኢንተርኔት ውጭ ለማየት ፊልም የሚያወርዱ ከሆነም ቋንቋውን ከማውረድዎ በፊት ያስተካክሉ፤ የወረደው ቅጂ ቦታ ለመቆጠብ ሲባል ጥቂት ትራኮችን ብቻ ይዞ ስለሚመጣ መንገድ ላይ ሆነው ሊቀይሩት አይችሉም።

በቪፒኤን የእህትዎ አገር ውስጥ እንዳሉ አስመስሎ መግባትን በተመለከተ፣ አገልግሎቶቹ በውላቸው የሚከለክሉት ስለሆነ አንመክረውም። ለሚጓዙ ሰዎች ግን ሕጋዊ መንገድ የተከፈተበት ቦታ አለ፤ በአውሮፓ ኅብረት ከእ.ኤ.አ. ሚያዝያ 1 ቀን 2018 ጀምሮ ለጊዜው ወደ ሌላ አባል አገር የሄደ ደንበኛ በቤቱ የከፈለበትን አገልግሎት እዚያም ሆኖ የማየት መብት አለው።

ጥያቄ፦ አንድን ፊልም ሁለት ጊዜ ገዝቻለሁ። ዲቪዲው በልጅነቴ የሰማሁት የቋንቋዬ ድምፅ አለው፣ ምስሉ ግን ደብዛዛ ነው፤ ብሉ ሬይ የተባለው ዲስክ ምስሉ ያማረ ሆኖ ድምፁ የለበትም። ለሁለቱም ስለከፈልኩ ድምፁን ከአንዱ አውጥቼ ከሌላው ጋር ባዋህደው ጥፋት ይሆናል?

መልስ፦ ከደረሱን ጥያቄዎች ሁሉ ፍትሐዊው ይህ ይመስለናል፤ ቁርጥ ያለ አንድ መልስ የሌለውም ይኸው ነው። ገንዘብ ከፍለው የገዙት ዲስኩንና ፊልሙን የማየት መብትን ነው እንጂ የመገልበጥ መብትን አይደለም። የበርን ስምምነት የተባለው ዓለም አቀፍ የቅጂ መብት ውል አገሮች በተወሰኑ ልዩ ሁኔታዎች፣ የሥራውን መደበኛ ገበያ እስካልጎዳና የባለመብቱን ጥቅም ያለአግባብ እስካልነካ ድረስ፣ መገልበጥን እንዲፈቅዱ በር ይከፍታል። በዚህ በር የገቡት አገሮች እኩል አልገቡም። በብዙ የአውሮፓ አገሮች ለግል ጥቅም መገልበጥ ሲፈቀድ ለባለመብቶች የሚከፈለው ካሳ ከባዶ ዲስክና ከማስቀመጫ መሣሪያዎች ዋጋ ላይ ይሰበሰባል። በብሪታንያ ይህ ፈቃድ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2014 ወጥቶ በሐምሌ 2015 በፍርድ ቤት ተሽሯል።

መሰናክሉ ግን ሌላ ነው። በገበያ ላይ ያሉ አብዛኞቹ የፊልም ዲስኮች ተቆልፈው የሚመጡ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1996 የተፈረመው የዓለም የአእምሯዊ ንብረት ድርጅት የቅጂ መብት ስምምነት አባል አገሮች እንዲህ ያለውን የቴክኖሎጂ መቆለፊያ ከሚሰብር ሰው የሚከላከል ሕግ እንዲያወጡ ያስገድዳል። አሜሪካ በ1998፣ የአውሮፓ ኅብረት በ2001 ሕጉን አውጥተዋል። ስለዚህ በጀርመን እንደሚታየው ለራስ መገልበጥ ተፈቅዶ መቆለፊያውን መስበር ግን የተከለከለበት ሁኔታ ይፈጠራል፤ አንዱ እጅ የሰጠውን ሌላው መልሶ ይነሣል እንደማለት ነው። በአሜሪካ በየሦስት ዓመቱ ከክልከላው ውጭ የሚሆኑ አጠቃቀሞች የሚዘረዘሩ ሲሆን፣ ለትምህርትና ለሂስ አጫጭር ቅንጫቢ መውሰድ ሲፈቀድ ሙሉ ፊልምን ለራስ መገልበጥ ግን እስካሁን አልተፈቀደም። እንግዲህ የሚኖሩበትን አገር ሕግ በሁለት ጥያቄ ይመርምሩት፤ ለግል መገልበጥ ይፈቀዳል ወይ፣ መቆለፊያ ላለው ዲስክስ ይህ ፈቃድ ይሠራል ወይ? ለሁለቱም አዎን የሚል መልስ ካገኙ ይቀጥሉ። መቆለፊያ ስለሚሰብሩ ፕሮግራሞች በዚህ ዓምድ አንጽፍም፤ የተዋሃደውን ፋይል ለሌላ ሰው ማስተላለፍም በየትኛውም መንገድ የግል አጠቃቀም አይባልም።

ሕጉ ከፈቀደልዎት ከፊትዎ የሚቆመው ችግር የጊዜ አለመገጣጠም ነው። ፊልም በአብዛኛው በሰከንድ በ24 ምስል ይቀረጻል፤ ፓል የሚባለውን የቴሌቪዥን ሥርዓት በሚከተሉ አገሮች የወጡ ዲቪዲዎች ግን ብዙ ጊዜ በ25 ይሄዳሉ። ልዩነቱ 4 በመቶ ነው፤ የ100 ደቂቃ ፊልም በ96 ደቂቃ ያልቃል። ድምፁን ከዚህ ዲቪዲ ወስደው ከብሉ ሬዩ ምስል ጋር ቢያጋጥሙት፣ መጀመሪያ ላይ ልክ የነበረው ንግግር ከአንድ ደቂቃ በኋላ ወደ 2.4 ሰከንድ ገደማ ቀድሞ ይገኛል፤ በግማሹ ፊልም ላይ ደግሞ ሰዎቹ ገና ሳይገናኙ ሲሰነባበቱ ይሰማሉ። በቪኤልሲ ‹ጄ› እና ‹ኬ› የሚሉት ፊደላት ድምፁን በ50 ሚሊ ሰከንድ እያስቀደሙና እያዘገዩ የሚያስተካክሉት ቋሚ የሆነን ልዩነት ብቻ ስለሆነ፣ እንዲህ እየሰፋ የሚሄደውን አይጠግኑትም። መፍትሔው ድምፁን በዚያው መጠን ማርዘም ነው። ኤምኬቪ ቱል ኒክስ የሚባለው ነፃ ፕሮግራም ለትራኩ የማርዘሚያ መጠን ተቀብሎ፣ ምስሉን እንደገና ሳይጨምቅ፣ ሁሉንም በአንድ ፋይል ያዋህዳል። ሁለቱ ቅጂዎች በተለያየ መንገድ የተቆረጡ ከሆኑ ግን ይህም አይበቃም፤ ትዕይንት በጎደለበት ሁሉ እየቆረጡ መቀጠል ይኖርብዎታልና ያ የብዙ ቀን ሥራ ነው።

ጥያቄ፦ ጥቂት ወዳጆች ተሰባስበን ፊልሞችን ወደ ቋንቋችን ተርጉመን ድምፁን ብቻ፣ ያለ ምስሉ፣ በኢንተርኔት ብናወጣውስ? ፊልሙን ራሱን አናሰራጭም፤ ገንዘብም አንጠይቅም።

መልስ፦ ዓላማችሁን ብናደንቅም ያለ ፈቃድ አይቻልም። በበርን ስምምነት አንቀጽ 8 መሠረት ሥራን የመተርጎምና ትርጉምን የመፍቀድ መብት የደራሲው ነው፤ በፊልሙ ውስጥ ያለው ንግግርም ከምስሉ ተነጥሎም ቢሆን የተጠበቀ ጽሑፍ ነው። ለግርጌ ጽሑፍም ቢሆን ያው ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2017 የአምስተርዳም ፍርድ ቤት በበጎ ፈቃደኞች የሚሠሩ የግርጌ ጽሑፎች ያለ ፈቃድ ሲሰራጩ መብት ይጥሳሉ ብሎ ወስኗል። ገንዘብ አለመጠየቃችሁ ጥፋቱን ሊያቀል ይችላል እንጂ አይሽረውም።

ሥራችሁን ልታሳዩበት የምትችሉበት ሜዳ ግን አለ። ባለመብቶች ሌሎች ሥራቸውን በነፃ እንዲጠቀሙበት በሚለቁበት በክሪኤቲቭ ኮመንስ ፈቃድ የወጡ ፊልሞችን፣ ለውጥን የሚከለክል ሐረግ በፈቃዱ ውስጥ እስከሌለ ድረስ፣ ምንጩን ጠቅሶ መተርጎምና ማሰራጨት ይቻላል፤ የብሌንደር ፋውንዴሽን እ.ኤ.አ. በ2010 ያወጣው ‹ሲንተል› የተባለው አጭር የአኒሜሽን ፊልም ለዚህ ጥሩ መጀመሪያ ነው። ከባለቤቱ ፈቃድ ካገኛችሁ ደግሞ ሥራው የሚቀመጥበት ቦታ አይጠፋም፤ ዩቲዩብ ከእ.ኤ.አ. 2023 ጀምሮ የቻናል ባለቤቶች በአንድ ቪዲዮ ላይ ብዙ የድምፅ ትራክ እንዲጭኑ እያስቻለ ሲሆን ተመልካቹም ከሴቲንጉ ምልክት ስር ‹የድምፅ ትራክ› የሚለውን ከፍቶ ይመርጣል። የጥበቃ ዘመናቸው ያለፈ አሮጌ ፊልሞችም አሉ፤ በዚህ ላይ ግን ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በአውሮፓ ኅብረት የፊልም ጥበቃ የሚያበቃው ከዋናው ዳይሬክተር፣ ከስክሪፕት ጸሐፊው፣ ከንግግር ጸሐፊውና ለፊልሙ ሙዚቃ ካቀናበረው ሰው መካከል መጨረሻ የሞተው ካረፈ 70 ዓመት ሲሞላው ነው። ከዚያም በላይ፣ ፊልሙ ነፃ ሆኖ ሳለ ዘግይቶ የተቀዳበት የሌላ ቋንቋ ድምፅ የራሱ ባለመብቶችና የራሱ የጊዜ ቆጠራ ሊኖረው ይችላል። ስለዚህ ከዋናው ንግግር ተነሡ፤ የሌላን ሰው ትርጉም አትተርጉሙ።

ጥያቄ፦ በሁሉም ቋንቋ ሁሉንም ፊልም ያሳያል የተባለ፣ አንዴ ብቻ የሚከፈልበት ሳጥን ሊሸጡልኝ ነው። መግዛቱ ሕጋዊ ነው?

መልስ፦ ሳጥኑ ራሱ ተራ ማጫወቻ ነው፤ ጉዳዩ ያለው አስቀድሞ በተጫነበት ላይ ነው። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 26 ቀን 2017 በሰጠው ውሳኔ፣ ያለ ፈቃድ ፊልም ወደሚያሰራጩ ገጾች የሚመሩ ተጨማሪዎችን ጭኖ ሳጥን መሸጥ የመብት ጥሰት እንደሆነ፣ በዚያ መንገድ ማየትም ከሕጉ ከለላ ውጭ እንደሆነ ወስኗል። ይቅርብዎት።

ጥያቄ፦ የወጣቶች ማኅበራችን በግሌ በገዛሁት ዲስክ ፊልሙን በሁለት ቋንቋ፣ በሁለት የተለያዩ ምሽቶች ሊያሳይ አስቧል። መግቢያው በነፃ ነው።

መልስ፦ በነፃ መሆኑ መልሱን አይለውጠውም። ዲስኩም ሆነ የስትሪሚንግ አባልነቱ የሚፈቅደው ከቤተሰብና ከቅርብ ወዳጅ ጋር ማየትን ሲሆን፣ ከዚያ ለሰፋ ታዳሚ ማሳየት በብዙ አገሮች ሕዝባዊ ትርዒት ተብሎ የተለየ ፈቃድ ይጠይቃል። ፈቃዱን ከአከፋፋዩ መጠየቅ ይቻላል፤ በበርካታ አገሮች የሚሠራው ሞሽን ፒክቸር ላይሰንሲንግ ኮርፖሬሽንም ለብዙ ስቱዲዮዎች ፊልሞች የሚያገለግል የጅምላ ፈቃድ ይሸጣል። ኔትፍሊክስ ራሱ ካዘጋጃቸው ዘጋቢ ፊልሞች አንዳንዶቹን ለትምህርት ዓላማ፣ ያለ ክፍያ፣ አንድ ጊዜ እንዲታዩ የሚፈቅድ ሲሆን የተፈቀዱትን በገጻቸው ላይ ያመለክታል። ደብዳቤውን ሲጽፉ ሁለቱንም ቋንቋ ይጥቀሱ፤ ከላይ እንዳልነው የትርጉሙ ድምፅ ባለቤት ሌላ ሊሆን ይችላልና ለአንዱ የተሰጠ ፈቃድ ሌላውን ላያካትት ይችላል።

ጥያቄ፦ የቋንቋዬ ድምፅ ያለበትን ዲቪዲ ከሌላ አገር አስመጣሁት፤ ኮምፒውተሬ ግን ዞኑን ልቀይር ወይ ብሎ ይጠይቀኛል። እሺ ልበለው?

መልስ፦ ዞን ማለት ዲስኩ እንዲሠራበት የተመደበለት የዓለም ክፍል ነው። ዲስኩን ማስመጣትዎም ሆነ ዞኑን መቀየርዎ ችግር የለውም፤ የኮምፒውተር ዲቪዲ ማንበቢያ ግን ዞኑን ከ5 ጊዜ በላይ አይቀይርም፣ በመጨረሻ የመረጡትም በዚያው ይቆለፋል። ስለዚህ ለአንድ ምሽት ብለው እሺ ከማለትዎ በፊት ስንት ቅያሪ እንደቀረዎት ከፊትዎ በሚከፈተው መስኮት ላይ ያንብቡ። ከአንድ አካባቢ ደጋግመው የሚያስመጡ ከሆነ ለዚያ ዞን የሚሆን ርካሽ የውጭ ማንበቢያ ለብቻው መያዝ ይሻላል። ብሉ ሬይ ዓለምን የሚከፍለው ኤ፣ ቢ እና ሲ ተብለው በሚጠሩ ሦስት ዞኖች ስለሆነ ምልክቱን ከማሸጊያው ጀርባ ይፈልጉ፤ ፎር ኬ ብሉ ሬይ ዲስኮች ግን ዞን የላቸውም።